የምክር ቤት አባል ሲሞት ወንበሩ እንዴት ይሞላል? የማሟያ ምርጫን ቀን እየቆጠሩ መከታተል

የምርጫ ክልላችሁ ተወካይ አረፉ እንበል። ለቅሶው ሳይበርድ ስለ ምርጫ ማንሳት ነውር ሊመስል ይችላል። ነገር ግን ወንበሩ ባዶ ሆኖ በቆየ ቁጥር በጀት ሲጸድቅ፣ የግብር ሕግ ሲወጣ ስለ እናንተ እጁን የሚያወጣ ሰው የለም። ስለዚህ ሐዘኑን ሳትጋፉ ከመጀመሪያው ሳምንት ጀምሩ።

በቅድሚያ በሟቹ ቢሮ የተጀመረ ጉዳይ ካላችሁ የወረቀቶቻችሁን ቅጂ ውሰዱ፤ ጉዳዩን ማን እንደሚረከበውም የቢሮውን ሠራተኞች ጠይቁ። ይህ የሚረሳ ነገር ነው፤ ቢሮው ከተዘጋ በኋላ ግን ፋይል ማግኘት ከባድ ነው።

1. ምርጫ መኖሩን አረጋግጡ

ሁሉም አገር የሞተን አባል በምርጫ አይተካም። እንደ ስዊድንና ደቡብ አፍሪካ ባሉ፣ ወንበር ለፓርቲዎች ባገኙት ድምፅ ልክ በሚከፋፈልባቸው የተመጣጣኝ ውክልና አገሮች ተተኪው የሚመጣው ከፓርቲው የእጩዎች ዝርዝር ነው። በፈረንሳይ ደግሞ እጩ የሚቀርበው ከነምትኩ ነው፤ ተመራጩ ከሞተ ምትኩ ወንበሩን ይረከባል። አንድ የምርጫ ክልል አንድ ሰው በሚልክባቸው እንደ ብሪታንያ፣ ሕንድ፣ ካናዳና ኬንያ ባሉ አገሮች ግን ሕዝቡ እንደገና ድምፅ ይሰጣል።

2. ቀኑን መቁጠር የሚያስጀምረው ማን እንደሆነ እወቁ

ከሁሉም በላይ ትኩረት የሚሻው ይህ ነው። ጉዳዩ የሚዘገየው በድምፅ መስጫው ዕለት ሳይሆን ከዚያ በፊት ባሉት ጸጥ ያሉ ሳምንታት ነው።

በኬንያ ሕገ መንግሥት አፈ ጉባኤው ወንበሩ በተጓደለ በ21 ቀን ውስጥ ለምርጫ ኮሚሽኑ በጽሑፍ ያሳውቃል፤ ምርጫውም በ90 ቀን ውስጥ መካሄድ አለበት። በሕንድ ገደቡ 6 ወር ነው፤ የቀረው የሥራ ዘመን ከ1 ዓመት ካነሰ ግን ምርጫ ማካሄድ ግዴታ አይሆንም። በብሪታንያ ምርጫው እንዲጠራ ለምክር ቤቱ ጥያቄ የሚያቀርበው በልማድ የሟቹ ፓርቲ ነው፤ ብዙውን ጊዜም በ3 ወር ውስጥ ያቀርባል። ምርጫውን የሚጠራው ትእዛዝ ከወጣ በኋላ ድምፅ የሚሰጠው ከ21 እስከ 27 ባሉት የሥራ ቀናት ውስጥ ነው።

ሕጉ ላይ የተጻፈ ቀን ብቻውን ግን አይበቃም። በምዕራብ ኬንያ የምትገኘው ማላቫ ተወካይዋን ያጣችው እ.ኤ.አ. በፌብሯሪ 2025 ነበር። መራጮቿ ድምፅ የሰጡት ኖቬምበር 27 ቀን ነው፤ 90ው ቀን 9 ወር ሆነ ማለት ነው። ምክንያቱ የምርጫ ኮሚሽኑ ራሱ እስከ ጁላይ 2025 ድረስ ኮሚሽነሮች ያልነበሩት መሆኑ ነው። ወንበር ሲጓደል የአገራችሁ ምርጫ አስፈጻሚ በሙሉ አባላቱ እየሠራ መሆኑን አብራችሁ ጠይቁ የምለው ለዚህ ነው።

ማስታወሻ ደብተር ያዙና ሦስት ቀኖች ጻፉ፦ ወንበሩ የተጓደለበት፣ አፈ ጉባኤው ያሳወቀበት፣ ሕጉ የሚፈቅደው የመጨረሻው ቀን። መሃከለኛው ካልታወቀ ለአፈ ጉባኤው ጽሕፈት ቤት በደብዳቤ ጠይቁ፤ የብዙ ነዋሪዎች ፊርማ ቢኖርበት ደግሞ ይበረታል።

3. ስማችሁ መዝገብ ላይ መኖሩን እዩ

ምርጫው ከተጠራ በኋላ መዝገቡ ቶሎ ሊዘጋ ይችላል። ቤት የቀየራችሁ በተለይ አትዘግዩ።

4. እጩዎቹን በሥራ ዘመኑ ልክ መዝኑ

አሸናፊው የሚያገኘው አዲስ ሙሉ ዘመን ሳይሆን የሟቹን ቀሪ ጊዜ ነው። በማላቫ ያሸነፈው ሰው እስከ ኦገስት 2027 ምርጫ ድረስ 2 ዓመት እንኳ አልሞላለትም። ስለዚህ የአምስት ዓመት እቅድ ለሚዘረዝር እጩ «በቀሩት ወራት የትኛውን ትጨርሳለህ?» በሉት።

የሟቹ ልጅ ወይም የትዳር አጋር የሚወዳደርበት ጊዜም አለ። በኬንያ ካሲፑል፣ በ2025 በጥይት የተገደሉትን ኦንጎንዶ ዌሬን የተኩት ልጃቸው ቦይድ ዌሬ ናቸው። ይህ በራሱ ስህተት የለበትም፤ ሐዘን ግን የሥራ ማስረጃ አይደለም። ሌላውን እጩ የምትጠይቁትን ሁሉ እሱንም ጠይቁ።

አንዳንዴ ደግሞ ተቀናቃኞች ለሟቹ ክብር ሲሉ ከውድድሩ ይቀራሉ። በብሪታንያ የምክር ቤት አባላቱ ጆ ኮክስ በ2016፣ ዴቪድ አሜስ በ2021 ሲገደሉ ዋና ዋና ተፎካካሪ ፓርቲዎች እጩ አላቀረቡም። የጨዋነቱ ስሜት ይገባኛል፤ ሆኖም በሁለቱም ምርጫዎች ድምፅ የሰጠው ከተመዘገበው ሩብ ያህሉ ብቻ ነበር። ነፍሰ ገዳይ የሕዝብን ተወካይ ከነጠቀ በኋላ ምርጫውንም ማጥበብ ለእኔ ተገቢ አይመስለኝም።

5. ድምፅ ስጡ፣ ቆጠራውንም ተከታተሉ

በማሟያ ምርጫ ድምፅ ሊሰጥ የሚወጣው ሰው ብዙ ጊዜ ጥቂት ስለሆነ የእያንዳንዱ ድምፅ ክብደት ይጨምራል። የጣቢያው ውጤት በር ላይ ሲለጠፍ ፎቶ አንሱና በኋላ ከሚታወጀው ድምር ጋር አስተያዩት።

6. እስከ ቃለ መሐላው ጠብቁ

አሸናፊው ቃለ መሐላ ካልፈጸመ በምክር ቤት ድምፅ ሊሰጥ አይችልም። የሚምልበትን ቀን ጠይቃችሁ በደብተራችሁ አራተኛ አድርጋችሁ ጻፉት። በመጀመሪያው ሳምንት ያስቀመጣችሁትን የወረቀት ቅጂም ይዛችሁ ወደ አዲሱ ተወካይ ቢሮ ሂዱ።