አራት ቀን የፈጀብን «እምምም»

አዲስ አበባ ውስጥ ሦስት ሆነን መኪና ማቆሚያ ጋራዥ ውስጥ ነው ሙዚቃችንን የምንቀዳው። የጊታር አምፑን (የድምፅ ማጉያውን) ላይን አውት መውጫ ላፕቶፑ ላይ ከተሰካው ኦዲዮ ኢንተርፌስ (ድምፅ ወደ ኮምፒውተር ከሚያስገባው ሳጥን) ጋር ስናገናኝ፣ የጊታሩ ቮልዩም ዜሮ ላይ ሆኖ እንኳ ወፍራም «እምምም» አብሮ ይቀዳ ነበር።

መጀመሪያ ገመድ ቀየርን፤ ሦስቱም ያው ነው። ቀጥሎ የጊታሩን ሲንግል ኮይል ፒክአፕ (የክሩን ንዝረት የሚያነሳውን፣ እምታም በቀላሉ የሚይዘውን ክፍል) ጠርጥረን እምታ የሚቀንሰው ሀምበከር ፒክአፕ ያለው ጊታር ተዋስን፤ ለውጥ የለም። ድምፅ ሲያንስ የሚዘጋው ኖይዝ ጌት ዝምታውን አጸዳው፤ ግን የፈዙን (የጊታሩን ድምፅ የሚያሻክረውን ኢፌክት) ቀስ እያለ የሚጠፋ ጭራ ቆረጠብን። ጋራዥ ሮክ ያለዚያ ጭራ ምን ይቀረዋል? መቅጃ ፕሮግራማችን ሪፐር ላይ የድምፁን ድግግሞሽ የሚያሳየውን ሪኢኪው ከፍቼ ሳይ 50፣ 100 እና 150 ኸርዝ ላይ ሹል ጫፎች ቆመዋል። የአገራችን መብራት 50 ኸርዝ ስለሆነ ነገሩ ከመስመሩ እንደሚመጣ ገባኝ።

የላፕቶፑን ቻርጀር ስነቅለው ድምፁ ቀጥ አለ። ለካ አምፑና ላፕቶፑ አንዴ በሶኬቱ፣ አንዴ በድምፅ ገመዱ በኩል ኧርዝ (የመሬት መስመር) ስለሚገናኙ ግራውንድ ሉፕ የሚባለውን ቀለበት ሠርተዋል።

ሁለቱን አንድ ማከፋፈያ ላይ ስንሰካ ቀነሰ፤ አልጠፋም። ያጠፋው በአምፑና በኢንተርፌሱ መሃል ያስገባነው ትራንስፎርመር ያለው ፓሲቭ ዲአይ ቦክስ ነው፤ ድምፁን እያሳለፈ ሁለቱን በኤሌክትሪክ የሚለያይ ትንሽ ሳጥን። ከሱ ወደ ኢንተርፌሱ ማይክ መግቢያ ወሰድን፣ ጌኑን (የማጉያ መጠኑን) ዝቅ አደረግን፣ የኧርዝ ግንኙነቱን የሚያቋርጠውን «ግራውንድ ሊፍት» የሚለውን የሳጥኑን ቁልፍ ስንጫን ቻርጀሩ እንደተሰካ ጸጥ አለ።

የሶኬቱን የኧርዝ እግር ግን በፍጹም አትቁረጡ። አምፑ ቢበላሽ ኤሌክትሪኩ የጊታሩ ክር ላይ ሊመጣ ይችላል፤ ጊታሩን የያዘው ዘፋኝ ደግሞ ማይኩን በከንፈሩ ሲነካ በሰውነቱ ያልፋል።