የዲስክ መጠገኛ ፕሮግራም «የላይብረሪ ፋይል የለም» ብሎ ሲቆም፦ ችግርና መፍትሄ

ጅማ ውስጥ ሔርማታ መርካቶ አካባቢ በኮምፒውተር ጥገና ሥራ ላይ ሳለሁ ደጋግመው ከሚቀርቡልኝ አቤቱታዎች አንዱ፣ ደንበኛው ዲስኩን ለመመርመር ወይም ፍላሹን ፎርማት ለማድረግ ሲሞክር አንድ ስሙ በዲኤልኤል የሚያልቅ ፋይል እንደጠፋ የሚገልጽ መልእክት መምጣቱ ነው። ዲኤልኤል ብዙ ፕሮግራሞች በጋራ የሚገለገሉበት የላይብረሪ ፋይል ሲሆን፣ በዊንዶውስ የዲስክ መሣሪያዎች ዘንድ ዋናውን ሥራ የሚሠራው እርሱ ነው። ዲስክ የሚመረምረው የዊንዶውስ መሣሪያ፣ ቼክዲስክ፣ ራሱ ትንሽ ፕሮግራም ነው፤ የጋራ አገልግሎቱን ዩሊብና አይኤፍኤስዩቲል ከተባሉ የዲኤልኤል ፋይሎች ያገኛል፣ ከዚያም ዲስኩ የተዘጋጀበትን የፋይል ሥርዓት (ፋይሎች የሚደራጁበትን ስልት) አይቶ፣ በኤንቲኤፍኤስ ከሆነ ዩኤንቲኤፍኤስን፣ በፋት ከሆነ ዩፋትን፣ በኤክስፋት ከሆነ ደግሞ ዩኤክስፋትን ይጠራል። ፍላሹን በቀኝ ጠቅ አድርገን «ፎርማት» ስንል የሚከፈተው መስኮት ደግሞ ኤፍኤምአይኤፍኤስ የተባለውን ይፈልጋል። ስለዚህ መልእክቱን ከመዝጋትዎ በፊት የፋይሉን ስም በወረቀት ይጻፉ፤ ስሙ የሚመራው ወደ ተለያየ መፍትሄ ነው።

ምልክት፦ ከላይ ከተጠቀሱት የዊንዶውስ ፋይሎች አንዱ ጠፍቷል ወይም ተበላሽቷል ይላል

አብዛኛው ሰው ወዲያውኑ የሚያደርገው የፋይሉን ስም ኢንተርኔት ላይ ፈልጎ ከነጻ ማውረጃ ገጽ ማምጣት ነው። እኔም ሥራውን በጀመርኩ ሰሞን ይህንኑ አድርጌያለሁ። ከአጋሮ የመጣ የአንድ ቡና ነጋዴ ላፕቶፕ ዩሊብ የለም አለኝ፤ አውርጄ፣ ዊንዶውስ የከለከለኝን ፈቃድ አስገድጄ ወስጄ፣ ሲስተም32 ውስጥ ጨመርኩት። መልእክቱ ጠፋ፤ በምትኩ መጨረሻው 7ቢ የሆነ የስህተት ቁጥር መጣ። ያወረድኩት ባለ 32 ቢት ሲሆን ዊንዶውሱ ባለ 64 ቢት ነበር። እዚህ ላይ ብዙ ባለሙያን የሚያሳስተው የስም አወጣጥ ነው፤ በባለ 64 ቢት ዊንዶውስ ውስጥ ሲስተም32 የተባለው ፎልደር የሚይዘው ባለ 64 ቢቶቹን ፋይሎች ሲሆን፣ ባለ 32 ቢቶቹ የሚቀመጡት ሲስዋው64 በተባለው ውስጥ ነው። ቁጥሩ የተገላበጠ መሆኑን ካላወቁ ከአንዴም ሁለቴ ይስታሉ። ከማይታወቅ ገጽ የመጣ ፋይል ቫይረስ ይዞ ሊመጣ እንደሚችል ሳይዘነጋ ነው።

ሌላው ከንቱ ድካም ሬግኤስቪአር32 በተባለው ትእዛዝ ፋይሉን «ማስመዝገብ» ነው። ይህ ትእዛዝ የሚሠራው ራሳቸውን የሚያስመዘግቡበት መግቢያ ላላቸው ፋይሎች ብቻ ስለሆነ፣ ዩሊብን ወይም ዩኤንቲኤፍኤስን ሲሰጡት መግቢያው አልተገኘም ብሎ ይመልሳል፤ ያ መልስ ፋይሉ መበላሸቱን አያመለክትም።

ምክንያቱን በተመለከተ፣ እነዚህ ፋይሎች በራሳቸው አይጠፉም። ዊንዶውስ ራሱን እያደሰ ሳለ መብራት ከሄደ የተጀመረው ጽሑፍ ይቋረጣል፤ በጅማ ክረምት ከሰዓት በኋላ ነጎድጓድ ሲጀምር ይህ የተለመደ ነው፣ ባትሪው የሞተ ላፕቶፕም ከዴስክቶፕ አይሻልም። ሁለተኛው ምክንያት ፎቶኮፒ ቤት ከተሰካ ፍላሽ የመጣ ቫይረስ፣ ወይም ቫይረሱን ሲያጸዳ ፋይሉን አብሮ ያገለለ አንቲቫይረስ ነው። ሦስተኛውን ብዙ ሰው አይጠረጥርም፤ ፋይሉ የተቀመጠበት የዲስክ ክፍል ራሱ ተበላሽቶ ሊሆን ይችላል። የዲስክ መጠገኛው ፋይል የሚኖረው በዚያው ሊጠገን በሚፈለገው ዲስክ ላይ መሆኑን ልብ ይሏል።

ስለዚህ መፍትሄው የሚጀምረው ከዲስኩ ጤንነት ነው። ኢቨንት ቪወር የተባለውን የዊንዶውስ የክስተት መዝገብ ማሳያ ከፍተው በሲስተም መዝገብ ውስጥ ምንጩ «ዲስክ» የሆነ ቁጥር 7 ካገኙ፣ ዲስኩ የማይነበብ ክፍል እንዳለው ዊንዶውስ መዝግቧል ማለት ነው፤ ቁጥር 55 ግን የፋይል ሥርዓቱ መዋቅር መዛባቱን ይናገራል። ክሪስታልዲስክኢንፎን በመሰለ ነጻ ፕሮግራም የስማርት መረጃውን (ዲስኩ ስለ ራሱ ጤንነት የሚመዘግበውን) ሲያዩ፣ በ05 እና በሲ5 መስመሮች የሚታየው ጥሬ ቁጥር ከዜሮ በላይ ሆኖ እየጨመረ ከሄደ ዲስኩ እየሞተ ነው። ሲ7 ብቻውን ከጨመረ ግን ጥፋቱ ብዙውን ጊዜ የኬብሉ ነው፤ ኬብሉን መቀየር ወይም ነቅሎ በደንብ መልሶ መሰካት ይበቃል።

ዲስኩ እየሞተ ከሆነ ከሁሉ በፊት መረጃውን ወደ ሌላ ዲስክ ይገልብጡ። ቼክዲስክን «አር» በሚለው አማራጭ ማስኬድ እያንዳንዱን ክፍል ስለሚያነብ ለሰዓታት ይቆያል፣ የደከመንም ዲስክ ያለ ፋታ ያሠራል። የአጋሮው ነጋዴ ላፕቶፕ ላይ ሌሊቱን ሙሉ ያስኬድኩት ይህንኑ ነበር፤ ጠዋት ዲስኩ ጭራሽ አልታይ አለ፣ የዓመቱ የቡና ግዢ መዝገብም አብሮ ሄደ። ጥፋቱ የእኔ ነበር።

ዲስኩ ጤነኛ ከሆነ ደግሞ ጥገናው ቀላል ነው። ትእዛዝ በጽሑፍ የሚሰጥበትን መስኮት፣ ኮማንድ ፕሮምፕትን፣ በአስተዳዳሪ ፈቃድ ከፍተው፣ በእንግሊዝኛ ፊደል መጀመሪያ ዲስም፣ ቀጥሎ ኦንላይን፣ ክሊንአፕ-ኢሜጅ፣ ሪስቶርሄልዝ ብለው ይጻፉ፤ ከዲስም በኋላ ባለው በእያንዳንዱ ቃል ፊት ክፍት ቦታና ወደ ፊት ያዘመመ ሰረዝ ይግባ። ይህ ትእዛዝ ዊንዶውስ የመለዋወጫ ፋይሎቹን የሚያኖርበትን መጋዘን ይጠግናል። ከዚያ ኤስኤፍሲ ብለው፣ ክፍት ቦታና ያንኑ ያዘመመ ሰረዝ አስቀድመው ስካንናው ይጻፉ፤ ይህኛው የተበላሸውን ፋይል ከመጋዘኑ አውጥቶ ይተካል። ቅደም ተከተሉ ትርጉም አለው፤ መጋዘኑ ራሱ የተበላሸ ከሆነ ኤስኤፍሲ ስህተት አግኝቻለሁ፣ ማስተካከል ግን አልቻልኩም ይላል።

ዲስም ምትክ የሚያመጣው በተለመደው ሁኔታ ከዊንዶውስ አፕዴት ስለሆነ፣ በሞባይል ዳታ ለሚሠራ ሰው ገንዘብም ጊዜም ይበላል። ሱቃችን ውስጥ የምንሠራው ከመጫኛ ፍላሽ ነው፤ ሶርስስ በተባለው ፎልደር ውስጥ ያለውን ኢንስቶል ዊም የተባለ ፋይል ምንጭ አድርገን እንሰጠዋለን። የመጫኛው ዕትምና ቋንቋ ግን ኮምፒውተሩ ላይ ካለው ጋር አንድ መሆን አለበት፤ አለበለዚያ ምንጩ አልተገኘም ይላል።

ዊንዶውሱ ጭራሽ የማይነሣ ከሆነ ወይም ኮማንድ ፕሮምፕቱም ካልሠራ፣ ከመጫኛው ፍላሽ አስነሥተው የጥገናውን ክፍል ይምረጡ። እዚያ ያለው ቼክዲስክ የራሱን የላይብረሪ ፋይሎች ይዞ ስለሚመጣ የተበላሸውን አይፈልግም። የድራይቭ ፊደላት እዚያ ሊለዋወጡ ስለሚችሉ፣ ትእዛዝ ከመስጠትዎ በፊት የዊንዶውስ ፎልደር የትኛው ላይ እንዳለ ያረጋግጡ።

ፋይሎቹ ከተተኩ በኋላ በሳምንታት ውስጥ እንደገና ከተበላሹና ዲስኩ ጤነኛ ከሆነ ራሙን (የኮምፒውተሩን ጊዜያዊ ማህደረ ትውስታ) ይጠርጥሩ፤ የዊንዶውስ ሜሞሪ ዲያግኖስቲክ ይህን ይመረምራል።

ምልክት፦ የጠፋው ፋይል ስሙ ኤምኤስቪሲፒ140 ወይም ቪሲረንታይም140 ነው

ይህ የሚመጣው ከሌላ አምራች በተገኘ የዲስክ ፕሮግራም ላይ ሲሆን ከዲስኩም ሆነ ከቼክዲስክ ጋር አይገናኝም። የጎደለው ከማይክሮሶፍት በነጻ የሚገኘው የቪዥዋል ሲ++ ረንታይም ጥቅል (በዚያ ቋንቋ የተሠሩ ፕሮግራሞች ለመሥራት የሚፈልጓቸው የላይብረሪ ፋይሎች) ነው፤ ከድርጅቱ ገጽ አውርደው ይጫኑት። በባለ 64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ባለ 32 ቢቱንም ባለ 64 ቢቱንም ይጫኑ፤ የትኛው እንደሚያስፈልግ የሚወስነው ዊንዶውሱ ሳይሆን ፕሮግራሙ የተሠራበት ቢት ነውና።