ቬሎሽ ሻንጣ ውስጥ አይክረም

በህንድ የቴሉጉና የታሚል ቋንቋ ፊልሞች ተዋናይት ሳማንታ ሩት ፕራብሁ እ.ኤ.አ. በ2017 የተሞሸረችበትን ነጭ ቬሎ በ2024 ጥቁር ቀሚስ አሠርታ ለሽልማት ምሽት ለበሰችው። ዲዛይነሯ ክሬሻ ባጃጅ ናት። ከፋሽኗ ሁሉ ለኔ ይቺ ትበልጣለች።

አንቺም ካማረሽ መጀመሪያ የጨርቁን ዓይነት አጣሪ። ሐርና ጥጥ ቀለም ቶሎ ይጠጣሉ። ፖሊስተር ግን ተራ ማቅለሚያ አይዘውም፤ ለሱ የተሠራ ቀለምና በጣም የጋለ ውሃ ይፈልጋል። የስፌቱ ክርም ብዙ ጊዜ ፖሊስተር ነው። ስለዚህ ጨርቁ ጠቁሮ ክሩ ነጭ ሆኖ ሊቀር ይችላል (አንዳንዴ እንዲያውም ያምራል)። ዶቃና ጥልፍ ካለው ለባለሙያ ስጪው። ማሳጠር ካሰብሽ ከማቅለሙ በፊት አሳጥሪው፤ በተቆረጠው ትርፍ ቀለሙን ትሞክሪበታለሽ።