ንጉሥ ሪቻርድን በሼክስፒር ምስክርነት ብቻ አትፍረዱበት

በ2012 በእንግሊዟ ሌስተር ከተማ፣ ከአንድ መኪና ማቆሚያ አስፋልት ሥር አፅም ተቆፍሮ ወጣ። በቀጣዩ ዓመት መጀመሪያ ላይ የከተማዋ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች የማን እንደሆነ ይፋ አደረጉ። በ1485 ቦስዎርዝ በተባለ ቦታ ሲዋጋ የሞተው ንጉሥ ሪቻርድ ሦስተኛ ነበር። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመቶች በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።) የጀርባ አጥንቱ ወደ ጎን የተጣመመ ነው። አንዱ ትከሻው ከሌላው ከፍ ሳይል አይቀርም። ጉብጠት ግን የለውም፣ ክንዱም የሰለለ አይደለም። ሼክስፒር መድረክ ላይ ያቆመው ሪቻርድ ደግሞ ጎባጣ፣ አንካሳ፣ አንድ እጁ የደረቀ ሰው ነው። ዓለም አራት መቶ ዓመት ሙሉ ሲያውቅ የኖረውም ይህን ሰውዬ ነው።

የእንግሊዝ መድረክ ነገሥታትን፣ ሰማዕታትን፣ ሳይንቲስቶችንና ፖለቲከኞችን ማውጣት ይወዳል። እኛም በመጽሐፍ፣ በፊልም፣ አሁን አሁን ደግሞ ኢንተርኔት ላይ በሚለቀቁ የመድረክ ቅጂዎች እናያቸዋለን። ስናያቸው ታዲያ ደጋግመን የምንሳሳትባቸው ነገሮች አሉ።

ተውኔቱን እንደ ታሪክ መጽሐፍ መያዝ

ይኼኛው የታወቀ ስለሆነ ብዙ አልቆይበትም። ሼክስፒር በሄንሪ ስድስተኛ ተውኔቱ ሪቻርድን ሴንት ኦልባንስ በተባለው ጦርነት ላይ ያሰልፈዋል፤ ትልቅ መኳንንትም ያስገድለዋል። ጦርነቱ የተካሄደው በ1455 ነው። ሪቻርድ የተወለደው በ1452 መጸው ላይ ነው። ገና ሦስት ዓመት አልሞላውም! በሪቻርድ ሦስተኛ ውስጥ ደግሞ ንግሥት ማርጋሬት ቤተ መንግሥት ውስጥ እየተዘዋወረች ሁሉንም ስትራገም እናያለን። እውነተኛዋ ማርጋሬት ወደ ፈረንሳይ ሄዳ፣ ሪቻርድ ከመንገሡ አንድ ዓመት ቀደም ብላ እዚያው ሞታለች።

ስህተት ለቅሞ መኩራት

ከላይኛው የሚብሰው ይኼ ነው። ተውኔቱን ያየ ሰው ኢንተርኔት ከፍቶ «ይኼ ውሸት፣ ይኼም ውሸት» እያለ ይቆጥርና ጨርሻለሁ ብሎ ይነሳል። ገና አልጀመረም። ዋናው ጥያቄ ደራሲው ለምን ቀየረው የሚለው ነው።

ሄንሪ አራተኛን እንውሰድ። ተውኔቱ ሁለት ወጣቶችን ያፎካክራል። አንዱ በመጠጥ ቤት የሚውለው አልጋ ወራሹ ሃል ነው። ሌላው ሆትስፐር የሚባለው ጀግና ሄንሪ ፐርሲ ነው። እኩዮች ናቸው። ንጉሡ በልጁ አፍሮ፣ ሁለቱ በሕፃንነታቸው ተለዋውጠው ቢሆን ኖሮ እያለ ይመኛል። በታሪኩ ግን ሆትስፐር የተወለደው በ1364 ነው። ከአልጋ ወራሹ ከሃያ ዓመት በላይ ይበልጣል፤ ከራሱ ከንጉሡ እንኳ በሦስት ዓመት ይበልጣል። በ1403 ሽሩስበሪ ላይ ሲዋጉ እሱ ሠላሳ ዘጠኝ፣ ሃል ደግሞ አሥራ ስድስት ገደማ ነበሩ። ሆትስፐርን ማን እንደገደለው አይታወቅም፤ ሃል ግን ፊቱ ላይ ቀስት ተወግቶ ለትንሽ ነው የተረፈው።

ሼክስፒር የተጠቀመበትን የሆሊንሼድን ዜና መዋዕል ማንበብ አቅቶት አይደለም ዕድሜውን የቀነሰው። አንድ አባት በሰው ልጅ ሲቀና ማሳየት ፈልጎ ነው። ለቅናቱ ደግሞ እኩያ ያስፈልጋል። እኔ እንደሚመስለኝ ይህ ለውጥ ባይኖር ተውኔቱ ራሱ አይኖርም ነበር። በአንጻሩ በጁሊየስ ቄሳር ውስጥ ሰዓት ሲደውል እንሰማለን። በሮም የሚደውል ሰዓት አልነበረም። እሱን ማለፍ ነው፤ ምንም አይለውጥም።

ተውኔቱ ሲጻፍ ዙፋኑ ላይ ማን እንደነበር መርሳት

ከሁሉም የምከራከርበት ይኼ ነው። የታሪክ ተውኔት ሁለት ዘመን አለው፦ የሚተርክለት ዘመንና የተጻፈበት ዘመን። ሁለተኛውን ካላወቃችሁ የመጀመሪያውንም በደንብ አታዩትም።

ሪቻርድ ሦስተኛ የተጻፈው በ1590ዎቹ መጀመሪያ ነው። የነገሠችው ቀዳማዊት ኤልሳቤጥ ናት። አያቷ ማን ነው? ሪቻርድን ቦስዎርዝ ላይ አሸንፎ ዘውዱን የወሰደው ሄንሪ ሰባተኛ! ሪቻርድ ደግ ንጉሥ ከነበረ የንግሥቲቱ አያት ቀማኛ ሊባሉ ነው። ደግሞም ሼክስፒር እጁ ላይ የነበሩት የታሪክ መጻሕፍት በዚሁ ቤተሰብ ዘመን የተጻፉ ነበሩ። ክፋቱን ከባዶ አልፈጠረውም፤ የተሰጠውን ወስዶ አገዘፈው።

ማክቤዝም እንደዚያው ነው። እኛ በጸጋዬ ገብረመድኅን አማርኛ የምናውቀው ማክቤዝ ሽማግሌውን ንጉሥ ደንከንን በተኛበት ያርዳል። የስኮትላንዱ እውነተኛ ማክቤዝ ግን ደንከንን በ1040 በጦርነት ነው ያሸነፈው፤ ደንከንም ሽማግሌ አልነበረም። ከዚያ በኋላ ማክቤዝ አሥራ ሰባት ዓመት ገዛ። በ1050 ደግሞ ሮም ድረስ ተሳልሟል። አገሩ እየተናደ ያለ ንጉሥ እንዲህ ያለ ረጅም መንገድ አይነሳም።

የማክቤዝ የጦር ጓድ ባንኮስ? በሆሊንሼድ መጽሐፍ ባንኮ የግድያው ተባባሪ ነው። በተውኔቱ ግን ንጹሕ ሰው ሆኖ ቀርቧል። ምክንያቱ ሩቅ አይደለም። ተውኔቱ በ1606 ገደማ ሲጻፍ ዙፋኑ ላይ የነበረው ከስኮትላንድ የመጣው ጄምስ ነው፤ የጄምስ ቤት ደግሞ ትውልዱን ከባንኮ ይቆጥር ነበር። የንጉሡን አባት አያት ነፍሰ ገዳይ አድርጎ መድረክ ላይ የሚያወጣ ማን ደፋር አለ? አስቂኙ ነገር፣ የዛሬ ታሪክ ጸሐፊዎች ባንኮ የሚባል ሰው ጭራሽ አልነበረም ይላሉ።

ይህ ሁሉ ጥንቃቄ ያለ ምክንያት አልነበረም። በ1601 ፌብሩዋሪ መጀመሪያ ላይ የኤሴክሱ መስፍን ደጋፊዎች የሼክስፒርን ቡድን ቀርበው ስለ ሪቻርድ ሁለተኛ ከዙፋን መውረድ የሚያሳየውን ተውኔት እንዲጫወቱላቸው ጠየቁ። አብዛኞቹ ባለሙያዎች የሼክስፒር ራሱ ሪቻርድ ሁለተኛ ነው ይላሉ። ተዋንያኑ «አሮጌ ነው፣ ተመልካች አይመጣም» ብለው አንገራገሩ። አርባ ሽልንግ ተጨመረላቸውና ተጫወቱ። በማግስቱ መስፍኑ ለንደን ላይ አመፀ፣ ሳይሳካለትም ተያዘ። ከቡድኑ አንዱ ለምርመራ ቀርቦ የክፍያውን ነገር አስረዳ፤ ማንም አልተቀጣም። እንዲያውም መስፍኑ አንገቱ ሊቀላ አንድ ቀን ሲቀረው ቡድኑ ቤተ መንግሥት ገብቶ ለንግሥቲቱ ተጫውቷል። ይኼው ተውኔት ኤልሳቤጥ በሕይወት እያለች ሲታተም ንጉሡ ዘውዱን የሚያስረክብበት ክፍል አልነበረውም። ያ ክፍል የታተመው እሷ ከሞተች በኋላ በ1608 ነው።

ሳንሱሩ የድሮ ነገር ብቻ እንዳይመስላችሁ። ከ1737 እስከ 1968 በእንግሊዝ ተውኔት በአደባባይ ለመታየት የቤተ መንግሥቱን ሹም ፈቃድ ይፈልግ ነበር። ሎረንስ ሃውስማን ስለ ንግሥት ቪክቶሪያ የጻፈው ተውኔት በ1935 ለንደን ውስጥ ለአባላት ብቻ በተዘጋ ቲያትር ቤት ነበር የታየው። ሕዝብ በግልጽ ያየው በ1937 ነው፤ ንግሥቲቱ ከነገሠች መቶ ዓመት ሲሞላ።

ጥያቄው ለእኛም ይሠራል። ዐፄ ቴዎድሮስን ግርማቸው ተክለሐወርያትም ጸጋዬም ለመድረክ ጽፈዋቸዋል። ሁለቱም የጻፉት በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመን መሆኑን ይዞ ማንበብ ሌላ ነው።

ጠላት እንዴት እንደተሣለ አለማየት

ዣን ዳርክን ሁለት ጊዜ እዩዋት። በሼክስፒር ስም በሚታወቀው የሄንሪ ስድስተኛ የመጀመሪያ ክፍል ውስጥ ጠንቋይ ናት። አጋንንት ትጠራለች፣ እረኛ አባቷን ትክዳለች፣ ከእሳት ለማምለጥ አርግዣለሁ ትላለች። እንግሊዞችን ያሸነፈች ፈረንሳዊት ናትና ለንደን እንዲህ ነበር የምትታየው። በ1920 ቤተ ክርስቲያን ቅድስት አለቻት። በ1923 በርናርድ ሾው ስለ እሷ ተውኔት ጻፈ፤ እዚያ ብልህ፣ ግትር፣ ቀልደኛ ገበሬ ናት። ግን የሾው ትልቁ ሥራ ዳኞቿ ላይ ነው። የፈረዱባትን ጳጳስ ጭራቅ አላደረገውም። የሚያምንበትን የሚያደርግ፣ የተማረ ሰው አድርጎታል። ይህ ከጭራቅ ይልቅ ያስፈራል። በነገራችን ላይ ሾው እንግሊዛዊ አይደለም፤ አየርላንዳዊ ነው። እሱ ራሱ ይህን ማስታወስ ይወድ ነበር።

ያማረውን ንግግር ከሰውዬው አፍ የወጣ አድርጎ መጥቀስ

«ፈረስ! ፈረስ! መንግሥቴን በፈረስ!» የሼክስፒር ፈጠራ ነው። አልፎ ተርፎም በተሳሳተ መንገድ ይጠቀሳል፣ ንጉሡ ለመሸሽ ፈረስ የፈለገ ይመስል። ተውኔቱን አንብቡት። አሽከሩ «ይሽሹ፣ ፈረስ አመጣልዎታለሁ» ሲለው ሪቻርድ በቁጣ እምቢ ይላል። ፈረሱን የፈለገው ተመልሶ ለመዋጋት ነው። በዚህ በኩል ሼክስፒር ከታሪኩ አልራቀም፤ ጠላቶቹ ሳይቀሩ በጀግንነት ተዋግቶ መሞቱን ጽፈዋል። የራስ ቅሉም በቁስል የተሞላ ነው።

«አንተም ብሩተስ?» የሚለውም በሼክስፒር የገነነ ነው። የጥንቱ ታሪክ ጸሐፊ ፕሉታርክ እንደጻፈው ቄሳር ብሩተስን ሲያይ ልብሱን ፊቱ ላይ ሸፈነ እንጂ አልተናገረም።

የቅርብ ታሪክ ሲሆን ደግሞ ይብሳል። ፒተር ሞርጋን በ2006 ጋዜጠኛው ፍሮስት የቀድሞውን የአሜሪካ ፕሬዚዳንት ኒክሰንን በ1977 ስለጠየቀበት ቃለ መጠይቅ ተውኔት ጻፈ። የተውኔቱ ልብ፣ ኒክሰን ሌሊት ጠጥቶ ፍሮስት ጋ የሚደውልበት ክፍል ነው። ያ ስልክ ተደውሎ አያውቅም። የቃለ መጠይቁ ቪዲዮ እያለ ብዙ ሰው የሚያስታውሰው ያልተደወለውን ስልክ ነው።

ተራኪውን ማመን

ፒተር ሻፈር በ1979 ባቀረበው አማዴዎስ፣ ሞዛርትን አጠፋሁት የሚለን የሙዚቃ ደራሲው ሳሊየሪ ራሱ ነው። ያረጀ፣ የተረሳ፣ ስሙ በክፋትም ቢሆን እንዲቆይ የሚፈልግ ሰው። እሱ የሚናገረውን እንደ ማስረጃ መያዝ ተውኔቱ ያጠመደልንን ወጥመድ ሄዶ መርገጥ ነው። እውነተኛው ሳሊየሪ ቤትሆቨንንና ሹበርትን ያስተማረ የተከበረ ሰው ነበር። ሞዛርት ከሞተ በኋላም የሟቹን ትንሽ ልጅ ሙዚቃ አስተምሯል። መርዝ አበላው የሚለው ወሬ ከሻፈር በፊትም ነበር፤ ሻፈር የተጠቀመበት ወሬው ሰውን እንዴት እንደሚበላ ለማሳየት ነው።

አንድ ተውኔት አይቶ ማቆም

ሮበርት ቦልት በ1960 ባሳየው ተውኔት ቶማስ ሞር በሕሊናው ምክንያት ንጉሡ የጠየቀውን መሐላ አልፈጽምም ብሎ በ1535 አንገቱ የተቀላ ሰው ነው። ድንቅ ተውኔት ነው። የማይነግረን ግን፣ ሞር ዋና የፍትሕ ሹም ሳለ ስድስት ሰዎች በመናፍቅነት መቃጠላቸውን ነው። ተንኮለኛ ሆኖ የቀረበው የንጉሡ አማካሪ ቶማስ ክሮምዌል ደግሞ፣ የሂላሪ ማንቴል ልብ ወለዶች በ2013 መጨረሻ መድረክ ላይ ሲወጡ ባለ ልብ ሰው ሆኖ መጣ፤ በተራው ሞር ጨካኝ ሆነ። ሁለቱን አከታትሎ ማየት ነው።

ቦልት በ1961 የኑክሌር መሣሪያን ተቃውሞ ታሰረ። ሰልፍ አልወጣም ብሎ እንዲፈርም ሲጠየቅ እንደ ሞር እምቢ አለ። የሚጽፍለትን ፊልም ያዘጋጀው ፕሮዲዩሰር ግን ሥራዬ ቆመ ብሎ እስር ቤት ድረስ ሄደ። ቦልት ፈርሞ ወጣ፤ ሲጸጸትም ኖሯል።

በልብሱ መናደድ

«ንጉሥ ሱፍ ለብሶ ምንድነው?» የሚል ቅሬታ ሁልጊዜ አለ። በ1990 ኢያን ማኬለን ሪቻርድ ሦስተኛን በ1930ዎቹ ፋሽስት አልባሳት ተጫውቶታል። የሼክስፒር ተዋንያንም በአብዛኛው የሚለብሱት የራሳቸውን ዘመን ልብስ ነበር። ያማራቸው ግርግሩ ነው፤ በ1613 በሄንሪ ስምንተኛ ትርኢት መድፍ ተኩሰው ግሎብ ቲያትርን አቃጠሉት። የሞተ የለም። አንድ ሰውዬ ሱሪው ተያይዞ በቢራ ነው የጠፋለት ይባላል።

ተውኔት ታሪክን ብቻ ይከተላል ማለት

ማይክል ፍሬይን በ1998 ያቀረበው ኮፐንሃገን ሁለት የፊዚክስ ሊቆችን፣ ቦርንና ሃይዘንበርግን ያገናኛል። በ1941 ጀርመን ዴንማርክን ይዛ ሳለ ሃይዘንበርግ የድሮ መምህሩን ለምን ሄዶ አነጋገረው? ስለ አቶሚክ ቦምብ ምን ተባባሉ? ሦስቱ ገጸ ባሕርያት፣ ከቦር ሚስት ጋር፣ ሞተው ተገናኝተው ያንን ምሽት ደጋግመው ይሞክሩታል። መልሱ አንድ አይሆንም።

ተውኔቱ ትልቅ ክርክር አስነሣ። በዚህም ምክንያት የቦር ቤተሰብ፣ ቦር ለሃይዘንበርግ ጽፎ ያልላካቸውን ደብዳቤዎች ሊከፈቱ ከታሰበበት ጊዜ ቀድሞ በ2002 ለሕዝብ ለቀቀ። በደብዳቤዎቹ ውስጥ ቦር፣ ሃይዘንበርግ ስለዚያ ቀን ያስታወሰውን በግልጽ አይቀበልም። ፍሬይንም ለታተመው ተውኔቱ ስለ አዲሶቹ ሰነዶች ተጨማሪ ማብራሪያ ጻፈ። ስለዚህ መጽሐፉን ስትገዙ የቅርቡን ኅትመት ፈልጉ።