የኪነ ጥበብ ፌስቲቫል የጥበብ ዳይሬክተር ለመሆን፦ ከጅማ ለሚነሳ ሰው

በአንድ የኪነ ጥበብ ፌስቲቫል ውስጥ አዳራሽ የሚከራይ፣ ደረሰኝ የሚሰበስብና ስለ ጸጥታ ከፖሊስ ጋር የሚነጋገር ሥራ አስኪያጅ አለ፤ የጥበብ ዳይሬክተሩ የሚጠየቀው ግን በሌላ ጉዳይ ነው። ማን ወደ መድረክ ይወጣል፣ ከማን በፊት ወይም ከማን በኋላ ይወጣል፣ ለምንስ እገሌ ተመርጦ እገሌ ቀረ ለሚሉት ጥያቄዎች በራሱ ስም መልስ የሚሰጠው እርሱ ነው። ጅማን በመሰለ ከተማ ሁለቱ ሥራዎች ብዙ ጊዜ በአንድ ሰው ትከሻ ላይ ይወድቃሉ። ስለዚህ ሙያውን የሚሹ ከሆነ ልዩነቱን ከመጀመሪያው ይያዙ፤ አለበለዚያ ድንኳንና ጀነሬተር ፍለጋ ሲሯሯጡ ምርጫው መጀመሪያ በደወለልዎ ሰው እጅ ይወድቃል።

ሙያው ከምርጫ እንደሚጀምር ከሚያሳዩት ታሪኮች የፈረንሳዩ የአቪኞ ፌስቲቫል አጀማመር አንዱ ነው። እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር በ1947 ተዋናይና አዘጋጅ የነበረው ዣን ቪላር በአቪኞ በጳጳሳቱ ቤተ መንግሥት ከሚከፈት የሥዕል ዐውደ ርእይ ጋር ቀደም ሲል የተሳካለትን አንድ ቴአትር እንዲያሳይ ተጠየቀ። ቪላር ያንን አልፈልግም ብሎ በምትኩ ሦስት ሌሎች ሥራዎች ይዞ ቀረበ፤ ፌስቲቫሉ የተወለደው ከዚያ ነው፣ እርሱም እስከሞተበት እስከ 1971 መራው። የተሰጠውን ዕድል በዝምታ ቢቀበል ኖሮ የዐውደ ርእዩ አጃቢ ሆኖ ይቀር ነበር። እኔ ከዚህ ታሪክ የምወስደው እምቢ ማለቱን ብቻ አይደለም፤ እምቢ ባለ ጊዜ በእጁ የተዘጋጀ ሌላ ሐሳብ መኖሩን ነው።

ትምህርትን በተመለከተ ብዙ አልልም። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የቴአትር ጥበባት ትምህርት ክፍል፣ የያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤትና የአለ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት አሉ፤ ከእነዚህ በአንዱ የተማረ ሰው የአንዱን ጥበብ ውስጡን ስላወቀ የሌላውንም ለመመዘን ይቀለዋል። ይሁን እንጂ የዳይሬክተርነት ዲግሪ ይዞ ወደዚህ ወንበር የሚመጣ ሰው ጥቂት ነው። አብዛኛው የሚመጣው ከመድረክ ጀርባ፣ ከሥነ ጽሑፍ ምሽት፣ ከኪነት ቡድንና ከሬዲዮ ነው። ጅማ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ የሚማሩ ከሆነ የተማሪዎች የኪነ ጥበብ ክበብን ይቀላቀሉ፤ ግጥም ለማንበብ ብቻ ሳይሆን ፕሮግራሙን የሚያወጣው ኮሚቴ ውስጥ ለመግባት ይጠይቁ።

ከመድረክ ጀርባ ቢያንስ ጥቂት ዓመታት ሳይሠሩ ዳይሬክተር ለመሆን አይቸኩሉ። ይህን የምለው በራሴ ጥፋት ስለተማርኩት ነው። እዚሁ ጅማ በአንድ አዳራሽ የመድረክ አስተባባሪ ሆኜ ሳገለግል የምሽቱን ቅደም ተከተል ያወጣሁት እኔ ነበርኩ። ሕዝቡ ይሞቃል ብዬ ባንዱን አስቀደምኩ፤ ከእርሱ ቀጥላ በአፋን ኦሮሞና በአማርኛ የምትጽፍ አንዲት ወጣት ገጣሚ እንድትወጣ አደረግሁ። ድራሙ እየተፈታ፣ ገመዱ እየተጠቀለለ፣ ሞንታርቦው ገና እያጉረመረመ እርሷ ማይኩ ፊት ቆመች። ገመድ የሚሰበስበው ልጅ ሁለት ጊዜ «ይቅርታ እህቴ» እያለ ከእግሯ ሥር ሽቦ ሳበ። ሦስተኛው ስንኝ ላይ ስትደርስ ወረቀቷን አጠፈች፣ አንድ አጭር ግጥም በቃሏ አለችና ወረደች። ጭብጨባ አልጎደለባትም፤ ለወራት ስታዘጋጀው የከረመችውን ረጅም ግጥም ግን ማንም ሳይሰማው ቀረ። ከዚያ ቀን ወዲህ ቅደም ተከተል ስጽፍ ከሥራዎቹ ርዝመት በፊት በሁለት ሥራዎች መካከል ያለውን የመቀያየሪያ ደቂቃ እጽፋለሁ፤ ባንድ ካለ 20 ደቂቃ እይዝና በዚያ ጊዜ ተመልካቹ ምን እንደሚያይ ወይም ወዴት እንደሚሄድ አስቀድሜ እወስናለሁ።

የሚቀጥለው ሥራ አካባቢዎን ማወቅ ነው፤ ሰፊ ጊዜ የሚገባውም ይኸኛው ነው። ጅማ ላይ ተቀምጦ ከአዲስ አበባ ታዋቂ ድምፃዊ ማስመጣት ገንዘብ ላለው ሰው ሁሉ የሚቻል ነገር ነው፤ የጥበብ ዳይሬክተር የሚያስፈልገው በዙሪያው ያለውን ለይቶ ለማቅረብ ነው። መንዙማ አለ፣ የኦሮሞ የጀግንነት ዜማ የሆነው ጌረርሳ አለ፣ የጅማ በርጩማን ከአንድ ግንድ ባለ ሦስት እግር አድርገው የሚፈለፍሉ ጠራቢዎች አሉ፣ ከጎጀብ ወንዝ ማዶ ደግሞ ዳውሮዎች ዲንካ የተባሉትን ረጃጅም የትንፋሽ መሣሪያዎች በቡድን ይነፋሉ። እነዚህን በዝርዝር ወረቀት ላይ ማስፈር አይበቃም፤ ሄደው ባሉበት ይስሟቸው። ዲንካን በቦታው የሰማ ሰው መሣሪያዎቹ ምን ያህል ስፍራ እንደሚይዙ ስለሚያይ በጠባብ መድረክ ላይ ለማጨናነቅ አይደፍርም፤ ሜዳ ላይ፣ ተመልካቹ ዙሪያውን ቆሞ እንዲሰማ ያደርጋል። መንዙማ ደግሞ ዱዓና ውዳሴ ያለበት ዜማ ነውና የፕሮግራም ማሟሟቂያ አይደለም። ከየትኛው ሥራ አጠገብ ቢቀመጥ ክብሩ እንደሚጠበቅ ዜመኞቹንና ሼሆቹን ሳይጠይቁ አይወስኑ፤ መድረክ አይሆንም ካሉም ውሳኔያቸውን ይቀበሉ።

በየጉዞዎ ደብተር ይያዙ። የሰማኸውን ንገረን ሲባል ሁሉም «ግሩም ነበር» ይላል፤ የእርስዎ ደብተር ግን ስንት ሰው እንደተሳተፈ፣ ስንት ደቂቃ እንደፈጀ፣ በየትኛው ሰዓት እንደተከወነ፣ ማይክ ያስፈልግ እንደሆነ፣ ተመልካቹ የት ቦታ ላይ ዝም እንዳለ ይመዝግብ። ይህ ደብተር ከሁለት ዓመት በኋላ የምስክር ወረቀትዎ ይሆናል።

ከዚያ በኋላ አነስተኛ ፕሮግራም በራስዎ ስም ያዘጋጁ፤ አንድ ምሽት፣ አራት ሥራ፣ 60 ወንበር ይበቃል። ስፖንሰር ከመፈለግዎ በፊት አንድ ገጽ ይጻፉ፤ በገጹ ላይ ምሽቱ የሚያነሳው ጥያቄ ምን እንደሆነና አራቱ ሥራዎች ለምን አንድ ላይ እንደሚቀርቡ በግልጽ ዐረፍተ ነገር ይታይ። «የባህል ብዝኃነታችንን ለማሳየት» የሚለው ሐረግ ማንኛውንም ሥራ ስለሚያስገባ አንዱንም አይመርጥልዎትም። «ቡና የሚለቅሙ ሰዎች ሲለቅሙ ምን ይዘፍናሉ፣ ልጆቻቸውስ ዛሬ ምን ይዘፍናሉ» የሚል ጥያቄ ግን ማን እንደሚገባና ማን እንደሚቀር ራሱ ይለይልዎታል። ለቀረው ሰው በራስዎ አንደበት ይንገሩት፤ በሰው አይላኩበት፣ ስልክም አይዝጉበት። በዚህ ከተማ ሁላችንም እንገናኛለን፤ ምክንያቱን በቅንነት የተነገረው አርቲስት ተቀይሞም ቢሆን ይመለሳል፣ በዝምታ የተገፋው ግን አይመለስም።

ቀን መምረጥም የዳይሬክተሩ ሥራ ነው። በጅማ ዝናቡ ከመጋቢት አካባቢ ጀምሮ እስከ መስከረምና ከዚያም በላይ ስለሚዘልቅ የደጅ መድረክ የሚያዋጣው ከኅዳር እስከ የካቲት ባለው ጊዜ ነው። ይሁንና ኅዳርና ታኅሣሥ ገጠሩ በቡና ለቀማ የሚጠመድባቸው ወራት ናቸው። ረመዳን በየዓመቱ 11 ቀን ያህል ቀደም ብሎ ስለሚገባ፣ ዐቢይ ጾም ደግሞ 55 ቀን ስለሚፈጅ ሁለቱንም አስልተው ካላዩ ተመልካችዎን ግማሽ በግማሽ ያጣሉ። በ2018 ዓ.ም. ለምሳሌ ሁለቱ ጾሞች በየካቲት የመጀመሪያ አጋማሽ በጥቂት ቀናት ልዩነት ስለሚገቡ ከጥምቀት ማግስት እስከዚያ ያሉት ሳምንታት ብቻ ይተርፋሉ።

ስለ ቦታ ሲነሳ ሁሉም ሰው የሚያስበው ጅሬን የሚገኘውን የአባ ጅፋር ቤተ መንግሥት ነው። ከ1878 እስከ 1932 (እ.ኤ.አ.) የገዙት የዳግማዊ አባ ጅፋር ቤት እንደመሆኑ ለሥራው ክብር ይጨምራል፤ ነገር ግን እንጨት የበዛበት ጥንታዊ ቅርስ ነውና ከባድ መብራት ማንጠልጠል፣ ሞንታርቦ ማስደገፍና ሕዝብ ሰገነቱ ላይ ማውጣት አይገባም። ከቅርሱ ባለሥልጣናት ፈቃድ ቢገኝ እንኳ እኔ የምመርጠው በቀን ብርሃን፣ ያለ ማጉያ፣ በግቢው ሜዳ ላይ የሚቀርብ ሥራ ነው። ከከተማው መሀል ከ7 እስከ 8 ኪሎ ሜትር ስለሚርቅ ተመልካቹ ሲመሽ በምን እንደሚመለስ ካልታሰበበትም የመጨረሻው ሥራ ባዶ ሜዳ ላይ ይቀርባል።

ውል ሳይፈርሙ የማንንም አርቲስት ስም በማስታወቂያ አያውጡ። በውሉ ላይ ክፍያው፣ ቀብዱ የሚሰጥበት ቀን፣ መጓጓዣው፣ ማደሪያውና ዝግጅቱ ቢሰረዝ የሚደረገው ይጻፍ። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ከደራሲው በተጨማሪ የተዋናይንና የሙዚቀኛን መብት ስለሚጠብቅ፣ ዝግጅቱን ቀርጾ በዩቲዩብ ለመልቀቅ የተለየ የጽሑፍ ፈቃድ ይጠይቁ፤ ዘፈኑን በሠርግ ቤት ሁሉም ያውቀዋል ማለት ባለቤት የለውም ማለት አይደለም። ከአዲስ አበባ የሚመጣ እንግዳ 350 ኪሎ ሜትር ገደማ ተጉዞ በዚያው ምሽት እንዲጫወት አይጠይቁት። በበጀቱ ውስጥ የአርቲስቶቹን ክፍያ ከሁሉ አስቀድመው ያስፍሩ፤ ብዙ ጊዜ የሚሆነው ግን ድንኳን፣ ባነርና ቲሸርት ከተከፈለ በኋላ የተረፈውን ለአርቲስት መስጠት ነው፣ ይህም በጣም ያሳዝነኛል።

ሦስት አራት ፕሮግራሞች በዚህ መልክ ካዘጋጁ በኋላ በትልቅ ፌስቲቫል ለመቀጠር ሲያመለክቱ ፎቶግራፍ ብቻ አያያይዙ፤ አንድ ገጹን፣ የቅደም ተከተል ወረቀቱን፣ በጀቱንና ያልተሳካውን የሚገልጽ ሐቀኛ ሪፖርት ያያይዙ። ቃለ መጠይቅ ላይ ደግሞ ምርጫውን የመጨረሻ የሚያጸድቀው ማን እንደሆነ፣ ስፖንሰር አርቲስት የማስገባት ሥልጣን እንዳለውና የሥራ ዘመንዎ ስንት ዓመት እንደሆነ ይጠይቁ። ምርጫው የቦርዱ ወይም የስፖንሰሩ ከሆነ፣ ማዕረጉ ምንም ቢያምር የሚቀጠሩት ለአስተባባሪነት ነው፤ ያንን አውቀው ይግቡ ወይም ይተዉት። ፌስቲቫሉ ባለቀ በሳምንቱ ውስጥ ከድምፅ ባለሙያው፣ ከመብራቱ፣ ከበር ጠባቂዎቹና ሻይ ከሚያፈሉት ሴቶች ጋር ተቀምጠው የታዘቡትን ይጠይቁ፤ ተመልካቹ በየትኛው ሥራ ላይ ተነስቶ እንደወጣ ከማንም በላይ የሚያውቁት በሩ ላይ የዋሉት ናቸው። የነገሩዎትን ከቀናቸው ጋር በዚያው ደብተር ላይ ያስፍሩ፤ የሚመጣው ዓመት ቅደም ተከተል የሚጻፈው ከዚያ ገጽ ነው።