የአንገቱ ቀዳዳ አልዘጋ ሲል፦ የትራኪዮስቶሚ ቱቦ ከወጣ በኋላ የሚገጥሙ ችግሮችና መፍትሄያቸው

ጎንደር ውስጥ በቀዶ ሕክምና ክፍል ነርስነት ስሠራ አንገት ማሸግን ያህል የደጋገምኩት ሥራ የለም። በአደጋ፣ በእንቅርት፣ በፀረ ተባይ መርዝ፣ በመንጋጋ ቆልፍ ምክንያት አንገታቸው ላይ የመተንፈሻ ቱቦ የገባላቸው ሰዎች ይድናሉ፣ ቱቦው ይወጣል፣ ቤተሰብ እልል ይላል። ቀዳዳው ግን ይቀራል። ይህን የምጽፈው በየጤና ጣቢያው ላላችሁ ባልደረቦቼና ቤት ውስጥ ለምታስታምሙ ነው። እጅ ታጠቡ፣ ንጹሕ ጎዝ ተጠቀሙ እያልኩ ጊዜ አላባክንም። ውኃ በፈረቃ በሚመጣበት ሰፈር ያላችሁ ግን ለዚህ ብቻ የሚሆን ክዳን ያለው ጀሪካን ለዩ።

ምልክት፦ ሲናገር በአንገቱ ይተነፍሳል፣ ሲያስል አክታው በቀዳዳው ይወጣል

በመጀመሪያዎቹ ቀናት ይህ የሚጠበቅ ነው። አብዛኛው ቀዳዳ በአንድ ወይም በሁለት ሳምንት ውስጥ በራሱ ይዘጋል። ካለፈ ግን መጀመሪያ የምጠረጥረው ማሸጊያውን ነው፤ ጥርጣሬዬም እምብዛም አይሳሳትም።

ነገሩ የቁስል ጉዳይ ብቻ ሳይሆን የትንፋሽ ጉዳይ ነው። ሰው ሲያስል አየሩ በቀረበው በር ይወጣል፤ አንገቱ ላይ ክፍት በር ካገኘ እስከ አፍ ድረስ አይደክምም። በቀዳዳው ዳር ሌሊቱን ሲያቆጠቁጥ ያደረውን አዲስ ሥጋ ጠዋት አንድ ኃይለኛ ሳል ይበጥሰዋል። ማታ ያቆጠቁጣል፣ ጠዋት ይበጠሳል።

የማየው ጥፋት ብዙ ዓይነት ነው። ከዳባት የመጡ አንዲት እናት የልጃቸውን አንገት «እንዳይደርቅባት» ብለው በለጋ ቅቤ አሹት። ፕላስተሩ እንኳን ሊይዝ ጎዙን ይዞ ደረቷ ላይ ተንሸራቶ አገኘሁት። ቅቤው ተጠርጎ በትክክል በታሸገ በአምስተኛው ቀን ቀዳዳው የምስር ፍሬ አህሎ ነበር። አንድ ዲያቆን ደግሞ ቱቦው በወጣ በሦስተኛው ቀን ቅዳሴ ገባ። «ዝቅ አድርጌ ነው ያዜምኩት» አለኝ። ጎዙ አንገቱ ላይ እንደ ቢራቢሮ ይርገበገብ ነበር! ጢሙን አልላጭም ያለ ጎልማሳም ነበረኝ። ፕላስተር ጢም ላይ አይጣበቅም፤ ይህን ለማስረዳት አንድ ሳምንት ፈጀብኝ። ገበያው ላይ የሞላው፣ ከጥቅሉ ሲላቀቅ ገና ሙጫው ጥቅሉ ላይ የሚቀረው ርካሽ ፕላስተርም አለ። ከእሱስ ባይገዛ ይሻላል።

አስተሻሸጉ እንዲህ ነው። ወንድ ከሆነ ዙሪያውን ላጩ። ቆዳውን በሳላይን (ከጀርም በጸዳ የጨው ውኃ) በረጠበ ጎዝ ከቀዳዳው ወደ ውጭ ጥረጉ፣ ከዚያ አድርቁ። ላብ ያለበት ቆዳ ያብለጨልጫል፤ ማብለጭለጩ እስኪጠፋ ጠብቁ። ጎዙን አራት እጥፍ አጥፋችሁ ቀዳዳው ላይ አኑሩ። ረዳት ካለ የቀዳዳውን ግራና ቀኝ ቆዳ በሁለት ጣት ወደ መሐል ይሰብስብላችሁ፤ ፕላስተሩን ከአንዱ ጎን ወደ ሌላው ጎን ቆዳውን እንደያዘ ሳቡት። ሁለተኛውን ከፊሉን የመጀመሪያው ላይ ደርቡት፣ ሦስተኛውንም እንደዚያው፣ ልክ እንደ ቆርቆሮ ክዳን። በአንገት ዙሪያ ፋሻ አትጠምጥሙ፤ ሰው ታንቃላችሁ። በቀን አንዴ፣ ከረጠበ ደግሞ ወዲያው ቀይሩት። የረጠበ ጎዝ ማታ ድረስ ይቆይ የሚል ሰው ካጋጠማችሁ አትስሙት።

የቀረው የታማሚው ጣት ነው። ሲናገር፣ ሲያስል፣ ሲስቅ ሁለት ጣቱን ጎዙ ላይ አድርጎ ቀለል አድርጎ ይጫን። መጫኑ የሠራ እንደሆነ የምፈትነው በጥጥ ነው፤ ከጥጥ አንዲት ብናኝ ስቤ በፕላስተሩ ዳር እይዝና «አአአ በል» እለዋለሁ። ብናኟ ከተንቀጠቀጠች አየር ይወጣል፣ እንደገና አሽጋለሁ።

ማሸጊያው ጥሩ ሆኖም ካልዘጋ

ቀዳዳውን በብርሃን እዩት። ዳሩ ቀይና እርጥብ ከሆነ ገና እየሞላ ነው፣ ታገሡ። ዳሩ ደረቅና ለስላሳ ሆኖ ቆዳው እንደ እምብርት ወደ ውስጥ ከታጠፈ ግን ቆዳ መንገዱን አልብሶታል ማለት ነው። ቱቦው ለወራት የቆየበት ሰው ላይ የሚታየው ይህ ነው። ቆዳ ከቆዳ ጋር አይጋጠምም፤ ዓመት ብታሽጉት ፕላስተር መጨረስ ነው። መፍትሄው ቀዶ ሕክምና ነው፦ በቆዳ የተሸፈነው መንገድ ተቆርጦ ይወጣና ሥጋው በየድርቡ ይሰፋል፣ ወይም ከውስጥ ወደ ውጭ እንዲሞላ ክፍቱን ይተዋል። ሐኪሞች ይህን ከማድረጋቸው በፊት ብዙ ጊዜ ከ3 እስከ 6 ወር ይጠብቃሉ፣ ሕፃን ከሆነ ከዚያም በላይ። ቀጠሮው ራቀ ብላችሁ አትቆጡ።

አንድ ነገር ግን እለምናችኋለሁ፦ ከላይ ያለው የአየር መንገድ በካሜራ ሳይታይ ቀዳዳው በስፌት እንዲዘጋ አትጎትጉቱ። ከላይ ጠባሳ አጥብቦት ከሆነ ያ የጠላችሁት ቀዳዳ ነው በሕይወት ያቆየው።

(ሐኪሙ «ፊስቱላ» ሲል አትደንግጡ። አንዲት እትዬ የልጃቸውን ስም ከፊስቱላ ጋር ሰምተው በወሊድ የሚመጣው መስሏቸው ነጠላቸውን ፊታቸው ላይ ጣሉ። ልጁ ወንድ ነበር። ቃሉ መንገድ ላበጀ ቀዳዳ ሁሉ ይነገራል።)

ምልክት፦ ከስፌቱ በኋላ አንገትና ፊት ያብጣል፣ ሲነኩት ይንኮሻኮሻል

ይህን ጥፋት የሠራሁት ራሴ ነኝ። ከደንቢያ የመጡ አንድ አያ ቀዳዳቸው ተሰፍቶ ሐኪሙ በስፌቱ ዳር ቀጭን የጎማ ድሬን (ፈሳሽና አየር ማውጫ) ትቶ ነበር። ማታ ጎዙ ቀላ ያለ ፈሳሽ አርጥቦት አየሁና፣ በማሸግ ችሎታዬ የምኮራ ስለሆንኩ፣ በአራቱም ጎን ጠርቅሜ አሸግኩት። ሌሊቱን ሲያስሉ አደሩ። ጎህ ሲቀድ ልጃቸው ጠራኝ፤ «አባቴን ንብ ነደፈው እንዴ?» አለ። ሁለቱም ዓይናቸው አብጦ ተዘግቷል። ጉንጫቸውን ስጫን ቆዳው ሥር ደረቅ ቅጠል እንዳለ ሁሉ ተንኮሻኮሸ፣ እስከ ደረታቸው ድረስ።

ከአየር ቧንቧው የሚሾልከው አየር መውጫ ሲያጣ ቆዳ ሥር ይገባል። ድሬኑ የተተወው እንዲወጣበት ነበር፤ እኔ ደፈንኩት። ሐኪሙ ሁለት ስፌት ሲፈታ አየሩ ፊስስ ብሎ ወጣ። ኦክስጅን ተሰጣቸው፣ ሳንባቸው አለመጨማደዱን ለማረጋገጥ የደረት ራጅ ተነሱ፣ በጥቂት ቀናት እብጠቱ ጠፋ።

ስለዚህ ልዩነቱን ያዙ፦ ቱቦ ወጥቶ ሳይሰፋ የቀረ ቀዳዳ ጠበቅ ብሎ ይታሸጋል፤ የተሰፋ አንገት ግን ጎዝ ይደረግበታል እንጂ አይጠረቀምም። ሳሉን የሚያባብስ ነገር፣ የበርበሬ ጭስ፣ ዕጣን፣ ሲጋራ፣ ከቤቱ ይውጣ። የሚያስምጥ ድርቀትም አይኑር፣ ከባድ ዕቃም አያንሳ። በመጀመሪያዎቹ 24 እስከ 48 ሰዓት ደግሞ ከወጣው ቱቦ ጋር እኩል የሆነ አንድ ቱቦና በአንድ ቁጥር ያነሰ ሌላ ቱቦ አልጋው አጠገብ ሳይኖሩ አትተኙ።

ምልክት፦ ከሳምንታት በኋላ «አስም» ይዞት መጣ

አስም አይደለም፤ አስም መሆኑ እስኪረጋገጥ ድረስ አይደለም! ከአርማጭሆ የመጣ ወጣት ሦስት ሰማያዊ የአስም መድኃኒት መንፊያ በኪሱ ይዞ ነበር፤ በየሄደበት አንድ አንድ ሰጥተውት። ቁጭ ብዬ አዳመጥኩት። አስም በብዛት የሚያፏጨው አየር ሲወጣ ነው፤ የእሱ ግን ሲያስገባ ነበር የሚጮኸው፣ ያለ ማዳመጫ መሣሪያ የሚሰማ። የአየር ቧንቧው በጠባሳ ጠቦ ነው። መጀመሪያ ዳገት ሲወጣ ብቻ ነበር የሚያንቀው፣ በኋላ ተቀምጦም። መፍትሄው በካሜራ ማየት፣ ከዚያ ማስፋት ወይም የጠበበውን ቆርጦ መቀጠል ነው። አንገቱ ላይ ጠባሳ ያለውን ሰው ሁሉ ቱቦ ገብቶለት እንደነበር ጠይቁ፤ ጥያቄው ነጻ ነው።

ሌላው በአጭሩ

ዳሩ ላይ የበቀለ ቀይ፣ ሲነኩት የሚደማ ሥጋ በብር ናይትሬት ይነካካል፤ በሐኪም እጅ ነው፣ በቤት አይሞከርም። ቀላ ያለና የሚያዥ ስፌት ኢንፌክሽን ነው፣ ይታይ። ሲውጥ አብሮ የሚወጣና የሚወርድ ጠባሳ አይጎዳም፤ መልኩ ካስጠላው ወደፊት ይስተካከላል።

ትኩስ ደም ከቀዳዳው ከፈሰሰ፣ አንገትና የጎድን አጥንት መሐል ወደ ውስጥ ከተሳበ፣ አንድ ዓረፍተ ነገር ሳይጨርስ ከተነፈሰ ባጃጅ አትጠብቁ፣ ያገኛችሁትን መኪና ያዙ። ቀዳዳው ክፍት ከሆነ ኦክስጅን በአፍም በአንገትም ይሰጠው።

ጥር 11 ለምትጠብቁ ወጣቶች ደግሞ፦ ፋሲለደስ መዋኛ ውስጥ ዘሎ መግባት ቀዳዳው ሙሉ በሙሉ ሳይዘጋ የተከለከለ ነው። ውኃው በአንገት ገብቶ በቀጥታ ሳንባ ነው የሚደርሰው። ጠበሉን በእጅ ተቀብላችሁ ፊታችሁን እርጩ፤ ቤትም ስትታጠቡ ከደረት በታች ነው።