ዘጋቢ ፊልም ስትሠሩ ልታስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ስለ ስደት፣ ስለ መሬት ወይም ስለ ጤና የሚሠራ ዘጋቢ ፊልም ብዙ ጊዜ የሚበላሸው በካሜራ ችግር ሳይሆን ባለታሪኩን በአግባቡ ባለመያዝ ነው።

የመጀመሪያው ስህተት ፈቃድን በአንድ ፊርማ መጨረስ ነው። ማንበብ ለማይችል ሰው ያስፈረማችሁት ወረቀት ለእናንተ እንጂ ለእሱ ዋስትና አይሆንም። ፊልሙ በቴሌቪዥን ይሁን በዩቲዩብ እንደሚታይ በሚናገርበት ቋንቋ አስረዱትና እሺታውን በድምፅ ቅረጹ። ቅንብሩ ሊያልቅ ሲል እሱ ያለበትን ክፍል አሳይታችሁ እንደገና ጠይቁት። «ይቅርብኝ» ሊል የሚችለው ያኔ ነው፤ ኢንተርኔት ላይ ከተለቀቀ በኋላ ብታጠፉትም ሌላ ሰው አስቀርቶታል።

ፊት መሸፈንም ማንነትን አይደብቅም። ከአረብ አገር የተመለሰችን የቤት ሠራተኛ በጥላ ብትቀርጿት፣ ጎረቤቷ በድምፅዋ፣ በእጇ ንቅሳት፣ ከኋላዋ በተሰቀለው መጋረጃ ይለያታል። በኮምፒውተር የወፈረ ድምፅ ተመልሶ ሊቀጥን ይችላል፤ ስለዚህ ቃሏን ሌላ ሰው ያንብብላት። ቀረጻውን ከቤቷ ውጭ አድርጉት፣ የልጇንና የሰፈሯን ስም ከንግግሯ ቁረጡ፣ ያልተቀናበረውን ጥሬ ቀረጻ በይለፍ ቃል በተቆለፈ ዲስክ ያዙ። ይህን ሁሉ ማድረግ ካልቻላችሁ ባትቀርጿት ይሻላል።

መንገድ ያሳያችሁን የወረዳ ሠራተኛ አስተርጓሚ አታድርጉት። ገበሬው ስለ ማዳበሪያ ዕዳው ሦስት ደቂቃ ተናግሮ «ደህና ነው ይላል» ከተባላችሁ የቀረው የት ገባ? ሠራተኛው ራቅ ይበል፤ በኋላም ሌላ ሰው ሙሉውን ቃል በቃል ይተርጉመው።

ጥሬ ቀረጻን ወይም ያለቀ ፊልምን ያለ ውል መስጠትም ዋጋ ያስከፍላል። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ስለ ወሎ ረሃብ የሠራው ፊልም በብሪታንያ ቴሌቪዥን የታየው በ1966 ዓ.ም. መጀመሪያ ላይ ነበር። ደርግ ግን መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ ከቤተ መንግሥት ድግስ ምስሎች ጋር ቀላቅሎ አሳየው፤ በማግስቱ ንጉሡ ከዙፋን ወረዱ። የዛሬው አደጋ ከገንዘብ ሰጪ ድርጅት በኩልም ይመጣል፦ የመጨረሻው ቅንብር ውሳኔ የማን እንደሆነ በውሉ ካልሰፈረ፣ የባለታሪኩ ፊት የልመና ፖስተር ላይ ይወጣል።

ስለ ቴክኒኩ ባጭሩ፦ ማይክ ነጠላ ሥር ከገባ ይንኮሻኮሻል፣ ከላይ አውጡት። በሴኮንድ 25 ፍሬም (ምስል) ስትቀርጹ ሹተሩን (እያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚያገኝበትን ጊዜ) 1/50 ሴኮንድ አድርጉት፤ የእኛ መብራት 50 ኸርዝ ስለሆነ በሌላ ፍጥነት ፍሎረሰንት ሊያርገበግብባችሁ ይችላል። ከየቦታው አንድ ደቂቃ የክፍሉን ዝምታ በድምፅ ቅረጹ፣ ቅንብር ላይ መቁረጫዎቹን ይሸፍንላችኋል። በየማታው ሁለት ቅጂ፣ በሁለት የተለያዩ ቦርሳዎች።

በጀቱን በሙሉ ቀረጻ ላይ የጨረሰ ሰው ፊልሙ መሳቢያ ውስጥ ይቀራል። ትርጉም፣ ቅንብር፣ የድምፅ ማስተካከያና የዘፈን ፈቃድ ገና ሲታቀድ በጀት ይያዝላቸው። የዘፈኑን ጉዳይ «በኋላ እናያለን» አትበሉ፤ በቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410/1996 የተጠበቀ መብት ስለሆነ የጽሑፍ ፈቃድ ይዛችሁ ወደ ቅንብር ግቡ።